የተቆጠሩ የበጋ ቀናት፦ ናፍቆት በጃፓን ቪዥዋል ኖቭሎች ውስጥ እንዴት ይበጃል?

የተከበራችሁ ታዳሚዎች፣

ንግግሬን በአንድ ሥዕል እጀምራለሁ። ከኮረብታ ወደ ባሕር የሚወርድ ጠባብ መንገድ አለ፤ በመንገዱ ዳር ሣር የወረሰው የድንጋይ ግንብ፣ ከግንቡ ማዶ የኤሌክትሪክ ምሰሶዎች፣ ከምሰሶዎቹ በላይ ደግሞ እንደ ተራራ የተቆለለ ነጭ ደመና ይታያል። በሥዕሉ ውስጥ ሰው የለም፤ የሚንቀሳቀስ ነገርም የለም። ከግርጌው ጀርባውን በስሱ የሚያሳይ ሳጥን ተዘርግቶ አንድ ዓረፍተ ነገር ተጽፎበታል፤ ተጫዋቹ ቁልፉን ሲጫን ቀጣዩ ዓረፍተ ነገር ይተካዋል። ከሩቅ በዛፍ ላይ የሚጮኹ ትንንሽ ነፍሳት ድምፅ ይሰማል። በገጹ ላይ ያለው ይህ ብቻ ነው። ሆኖም ጃፓንን ረግጦ የማያውቅ ሰው እንኳ ይህን ገጽ ሲያይ ሆዱ ባር ባር ይለዋል፤ ምን እንደተሰማው ቢጠይቁትም «ናፍቆት ነው» ይላል። የምን ናፍቆት? ዛሬ የምነጋገረው ስለዚህ ጥያቄ ነው።

አስቀድሜ ሁለት ቃላትን ላብራራ። «በጋ» ስል ጃፓኖች «ናትሱ» የሚሉትን ወቅት ማለቴ ነው። ቃሉ በአማርኛ የሚያስታውሰን ደረቅ አየርና ጥርት ያለ ሰማይ ነው፤ የጃፓኑ ናትሱ ግን በጁን የሚጀምረው ዝናብ በጁላይ ካባራ በኋላ የሚመጣ፣ እርጥበቱ ልብስን ከገላ ጋር የሚያጣብቅ፣ ከሰዓት በኋላ ድንገተኛ ነጎድጓድ የማያጣው ኃይለኛ ሙቀት ነው። ዓመታቱንና ወራቱንም በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጠራለሁ። «ቪዥዋል ኖቭል» የምለው ደግሞ በኮምፒውተር ወይም በጌም መጫወቻ ላይ የሚነበብ፣ ሥዕልና ሙዚቃ፣ ብዙ ጊዜም የተዋናዮች ድምፅ የሚያጅበው ረጅም ታሪክ ነው። አንባቢው አልፎ አልፎ ምርጫ ይቀርብለታል፤ ምርጫውም ታሪኩን ወደ አንዱ ወይም ወደ ሌላው መንገድ ይመራዋል። ቹንሶፍት የተባለው ድርጅት በ1992 «ኦቶጊሪሶ» የተሰኘውን ሥራ ሱፐር ፋሚኮም ለተባለው የጌም መጫወቻ ሲያወጣ አጻጻፉን «ሳውንድ ኖቭል» ብሎት ነበር፤ «ቪዥዋል ኖቭል» የሚለውን መጠሪያ ያስለመደው ሊፍ የተባለው ድርጅት ነው፤ በ1996 ሥራዎቹን በዚህ ስም በተከታታይ ማውጣት ጀመረ። የሚገርመው እነዚህ የመጀመሪያ ሥራዎች ጨለማና አስፈሪ የነበሩ መሆናቸው ነው። ሊፍ ራሱ በ1997 «ቱ ሃርት»ን ሲያወጣ ፊቱን ወደ ተራ የትምህርት ቤት ውሎ መለሰ፤ ከዚያ ወዲህ ጃፓኖች «ኒቺጆ» የሚሉት የዕለት ተዕለት ኑሮ የዚህ የአጻጻፍ ዘርፍ ዋና እርሻ ሆነ።

አሁን ወደ ጥያቄው ልመለስ። ብዙ ጊዜ የሚሰጠው መልስ ቀላል ነው፤ ሥዕሎቹ ውብ ናቸው፣ ተጫዋቹም የልጅነት ዕረፍቱን ያስታውሳል ይባላል። ይህ መልስ ከፊል እውነት አለው፤ ነገሩን ግን አይፈታውም። በአማርኛ ትዝታና ናፍቆት ጎረቤት ቃላት ቢሆኑም አንድ አይደሉም። ትዝታ ያለፈበት ሰው ብቻ የሚይዘው ነገር ነው፤ ናፍቆት ግን በእጅ የሌለን ነገር መፈለግ ስለሆነ ያላዩትን አገር እንኳ መናፈቅ ይቻላል። የእነዚህ ጌሞች ጃፓናውያን ተጫዋቾች ራሳቸው አብዛኞቹ የከተማ ልጆች ናቸው። ከ1950ዎቹ አጋማሽ አንሥቶ እስከ 1970ዎቹ መጀመሪያ ድረስ በዘለቀው የፈጣን ዕድገት ዘመን የገጠሩ ወጣት ወደ ቶኪዮ፣ ወደ ኦሳካና ወደ ናጎያ ጎረፈ፤ የትውልድ ቀዬ የሚል ትርጉም ያለው «ፉሩሳቶ» የተባለው ቃልም ቀስ በቀስ ሰው የሚኖርበት ቦታ መጠሪያነቱ እየደበዘዘ፣ ሰው በዓመት አንድ ጊዜ የሚመለስበት ቦታ መጠሪያ ሆነ። የሄዱት ሰዎች ልጆች የአያቶቻቸውን ቤት የሚያውቁት በዕረፍት ወቅት ብቻ ነው፤ የልጅ ልጆቻቸው ዘንድ ሲደረስ ያም ቀርቷል። እንግዲህ ከእንጨት የተሠራው ሰፊ ቤት፣ በበረንዳው ላይ የተሰቀለችውና ነፋስ ሲነካት የምታቃጭለው የመስታወት ደወል፣ የነፍሳት መያዣ መረብ ይዞ በሩዝ ማሳ መካከል የሚሮጠው ልጅ፣ እነዚህ ሁሉ ለአብዛኛው ተጫዋች በሕይወቱ ያላለፈባቸው ነገሮች ናቸው። ያላለፈበትን ነገር ማስታወስ አይችልም፤ ግን በግልጽ ይናፍቀዋል።

የእኔ መልስ እንደሚከተለው ነው። እነዚህ ሥራዎች ናፍቆቱን ከተጫዋቹ ልጅነት አይበደሩትም፤ እዚያው ጌሙ ውስጥ ያበጁታል። ቁጥራቸው የታወቀ ቀናት ይሰጡትና በትንንሽ ነገሮች እንዲሞላቸው ያደርጉታል፤ ሞልቶ ሲጨርስም ቀኖቹ ያልቃሉ። ተጫዋቹ በመጨረሻ የሚናፍቀው በእርግጥ ያሳለፈውን ጊዜ ነው፤ ሃያ፣ ሠላሳ፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ የሚሆኑ ሰዓታትን ከእነዚያ ሰዎች ጋር ተቀምጧልና። ቦታው የፈጠራ ነው፤ ሰዓታቱ ግን የእርሱ ናቸው።

ለዚህ ሥራ በጋው ለምን ተመረጠ? በጃፓን የትምህርት ዘመን የሚጀምረው በኤፕሪል ነው፤ የበጋው ዕረፍት ከጁላይ ማብቂያ አንሥቶ በብዙ አካባቢዎች እስከ ኦገስት 31 ድረስ፣ አርባ ቀን ያህል ይዘልቃል። የዓመቱ መጨረሻ ስላልሆነ ማንም አይመረቅም፤ ማንም ክፍል አይለውጥም። በዓመቱ መካከል የተከፈተ ክፍተት ነው፤ ከክፍተቱ ሲወጡ ያው ወንበርና ያው መምህር ይጠብቃሉ። በዚያ ላይ ክፍተቱ ራሱ የሚቆጠር ነው። በ1928 በራዲዮ መተላለፍ የጀመረው የማለዳ የሰውነት ማጎልመሻ እስከ ዛሬ ልጆችን በየሰፈሩ ሜዳ ይሰበስባል፤ የተገኘ ልጅ በአንገቱ ባንጠለጠለው ካርድ ላይ ማኅተም ይመታለታል። ትንንሾቹ ተማሪዎች ደግሞ የዕለት ውሏቸውን በሥዕልና በጽሑፍ የሚያሰፍሩበት ማስታወሻ ለቤት ሥራ ይሰጣቸዋል። የካርዱ ባዶ ሳጥኖች እየሞሉ፣ የማስታወሻው ባዶ ገጾች እያነሱ ሲሄዱ ልጁ የዕረፍቱን ማለቅ በዓይኑ ያያል። ጌም ሠሪዎቹ ይህን ቁጥር ከባዶ መፈልሰፍ አላስፈለጋቸውም፤ ተዘጋጅቶ ጠበቃቸው።

በጋው የሙታንም ወቅት ነው። በአብዛኛው የአገሪቱ ክፍል በኦገስት አጋማሽ በሚከበረው «ኦቦን» የአባቶችና የእናቶች ነፍሳት ለጥቂት ቀናት ወደ ቤታቸው ይመለሳሉ ተብሎ ይታመናል፤ ሲሄዱም በአንዳንድ ቦታዎች የወረቀት ፋኖሶች በወንዝ ወይም በባሕር ላይ ይለቀቁላቸዋል። ጦርነቱ ያበቃበት ኦገስት 15 የሚታሰበውም በእነዚሁ ቀናት ነው። ስለዚህ በእነዚህ ታሪኮች ውስጥ በፀሐይ ብርሃን መካከል የሞተ ሰው ስም ሲነሣ፣ ወይም አንዲት ልጅ የዚህ ዓለም ሰው መሆኗ ሲያጠራጥር፣ ጃፓናዊው አንባቢ ነገሩ ከቦታው የወጣ ሆኖ አይሰማውም። ብርሃኑና ሐዘኑ ለእርሱ ከጥንት ጀምሮ አብረው የኖሩ ናቸው።

ስለተቆጠሩ ቀናት ሲነሣ በትክክለኛ አነጋገር ቪዥዋል ኖቭል ያልሆነውን፣ ሆኖም የዚህን ስሜት ሰዓት ከሁሉ አጥርቶ ያሳየውን «ቦኩ ኖ ናትሱያሱሚ»ን ሳልጠቅስ ማለፍ አልችልም። በጁን 2000 ለፕሌይስቴሽን የወጣው ይህ ጌም ስያሜው «የእኔ የበጋ ዕረፍት» እንደማለት ነው። ዘመኑ 1975 ነው፤ እናቱ ልትወልድ በመቃረቧ ገጠር ወዳሉት አክስቱና አጎቱ ዘንድ የተላከ የ9 ዓመት ልጅ የኦገስትን 31 ቀናት እዚያ ያሳልፋል። የሚያሸንፈው ጠላት የለም። ነፍሳት ይይዛል፣ ዓሣ ያጠምዳል፣ ከቤተሰቡ ጋር ራት ይበላል፣ ማታ የዕለቱን ማስታወሻ ይጽፋል፤ በመካከሉ አድጎ ትልቅ ሰው የሆነው ያው ልጅ ያንን በጋ እየመለሰ ሲተርክ ድምፁ ይሰማል። ሠሪዎቹ ካሰቧቸው ነገሮች ሁሉ እኔን እጅግ የማረከኝ የጊዜው አካሄድ ነው። በጌሙ ውስጥ ሰዓቱ የሚገፋው ልጁ ከአንዱ ሥፍራ ወደ ሌላው ሲሻገር ነው፤ አንድ ቦታ ቆሞ ደመናውን ቢያይ ፀሐይዋም ትቆምለታለች። ይህን ያስተዋለ ተጫዋች መራመድን መቆጠብ ይጀምራል። ወደ ወንዙ ልውረድ ወይስ እዚሁ ትንሽ ልቆይ የሚለው ሐሳብ የእውነተኛ የዕረፍት ቀን ሐሳብ ነው።

ከዚህ ጌም ተከታታይ ሥራዎች በአንዱ ጋር ተያይዞ በጃፓን ተጫዋቾች ዘንድ እጅግ የታወቀ አንድ የፕሮግራም ስሕተት አለ፤ «ኦገስት 32» ይሉታል። ስሕተቱ ሲፈጠር ዕረፍቱ ሊያበቃ በሚገባው ቀን አያበቃም፤ በቀን መቁጠሪያ ላይ የሌለ ቀን ይነጋል። ያን ጊዜ ሰዎች ከቦታቸው ይጠፋሉ፣ ምስሎቹም እየተበላሹ ይሄዳሉ። ያዩት ሰዎች ነገሩን የሚያወሩት እንደ አስፈሪ ተረት ነው። እኔ ግን በዚህ ስሕተት ውስጥ የጉዳዩን ቁልፍ አያለሁ። ልጅ ሆኖ ዕረፍቱ እንዳያልቅ ያልተመኘ የለም፤ ምኞቱ ሲፈጸም ግን የበጋው ነገር ሁሉ ይፈርሳል። እነዚያን 31 ቀናት ተወዳጅ ያደረጋቸው ከ31 አለመብለጣቸው ነበር።

ወደ ቪዥዋል ኖቭሉ ልሻገር፤ ምክንያቱም ይህ የአጻጻፍ ዘርፍ ስሜቱን የሚያበጅበት የራሱ ጥበብ አለው፤ ጥበቡም ከድህነት የተወለደ ነው። አንድ የጀርባ ሥዕል መሣል ጊዜና ገንዘብ ይፈጃል፤ ዘርፉን ያሳደጉት ቡድኖች ደግሞ ብዙዎቹ ትንንሽ ነበሩ። ስለዚህ አንድ ሙሉ ከተማ ወይም ደሴት በጥቂት አሥርታት ሥዕሎች ይወከላል፦ መንገዱ፣ ወደቡ፣ የሱቁ ደጃፍ፣ የመቅደሱ ደረጃ፣ የአያት ቤት ሳሎን። ሥዕል እንዳይባክን ሲባል አንዱ ቦታ በተለያየ ብርሃን ይቀርባል፤ አንዱ የቀን፣ ሌላው የምሽት፣ ሦስተኛው የሌሊት ይሆናል። ገጸ ባሕርያቱም ከሥዕሉ ፊት የሚቆሙ፣ ፊታቸውና አቋማቸው በጥቂት ዓይነት ብቻ የሚለዋወጥ ምስሎች ናቸው።

ይህ ድኽነት ይመስላል፤ ውጤቱን ግን አስቡት። ተጫዋቹ ያንኑ መንገድ በመጀመሪያው ቀን እንደ እንግዳ ያየዋል። በአምስተኛው ቀን ሲያየው ከጥጉ ማን ብቅ እንደሚል ያውቃል። በሃያኛው ቀን ሥዕሉን ማየት ትቶ በውስጡ መኖር ይጀምራል፤ ሰው የሰፈሩን መንገድ እንደማያይ ሁሉ ማለት ነው። በፊልም ውስጥ ካሜራው ሁልጊዜ አዲስ ነገር ያሳየናል፤ እዚህ ግን አንድ የማይንቀሳቀስ ሥዕል ሃምሳ ጊዜ ይመለሳል፤ በተመለሰ ቁጥርም ያለፉት መመላለሶች ሁሉ በላዩ ይከመራሉ። በዚያ ግንብ ላይ ተቀምጣ የሳቀችው ልጅ ከሄደች በኋላ ያው ሥዕል ያለ እርሷ ሲቀርብ፣ ሠዓሊው አንዲት መስመር እንኳ አልለወጠም፤ ተጫዋቹ ግን ጎደሎውን ያያል። ሥዕል ውስጥ ያልነበረ ሰው ከሥዕል ውስጥ ሊጎድል የቻለው ድግግሞሹ ቦታውን የሰው ቦታ ስላደረገው ነው። ከማውቃቸው የተረት ስልቶች ሁሉ በዚህን ያህል ጥቂት ዕቃ ይህን ያህል የሠራ ሌላ አላየሁም።

የብርሃኑ ለውጥም እንዲሁ ነው። የቀኑ ሥዕል ወደ ምሽቱ ሲቀየር ሰማያዊው ብርቱካናማ ይሆናል፣ ጥላው ይረዝማል። ጽሑፉ «መሸ» ባይል እንኳ ተጫዋቹ ሌላ አንድ ቀን መቆረጡን ያውቃል። ብዙ ጊዜ በዚህ ቅጽበት ሙዚቃው ይቆምና የነፍሳቱ ድምፅ ብቻ ይቀራል።

ስለዚህ ድምፅ ጥቂት ልቆይ። ጃፓኖች «ሴሚ» የሚሉት፣ በዛፍ ግንድ ላይ ተጣብቆ የሚጮኽ ባለክንፍ ነፍሳት ነው። ዕድሜውን አብዛኛውን ከምድር በታች ያሳልፍና ክንፍ አውጥቶ የሚኖረው ለጥቂት ሳምንታት ብቻ ነው። ዓይነቱ ብዙ ነው፤ ለጃፓናዊው ጆሮ እያንዳንዱ ዓይነት ሰዓትም ቀንም ነው። «አቡራዜሚ» የሚባለው፣ ድምፁ በምጣድ ላይ እንደሚፈላ ዘይት የሆነው፣ የቀትር ሙቀት ድምፅ ነው። «ሂጉራሺ» በንጋትና በተለይም ጀምበር ስትጠልቅ «ካናካናካና» እያለ ይጮኻል፤ ቀዝቀዝ ያለና የራቀ ድምፅ ነው። «ትሱኩትሱኩቦሺ» ደግሞ በጋው ወደ ማብቂያው ሲቃረብ ጎልቶ ይሰማል። እንግዲህ ድምፅ አቀናባሪው ከጀርባ ያለውን ጩኸት ከአንዱ ወደ ሌላው ሲለውጥ፣ አንድም ቃል ሳይጻፍ ዕረፍቱ ሊያልቅ መሆኑን ተናግሯል። የሌላ አገር ተጫዋች ይህን መዝገበ ቃላት ይዞ አይመጣም፤ ነገር ግን በደርዘን የሚቆጠሩ ምሽቶችን ከሂጉራሺው ጋር ካሳለፈ በኋላ ያ ድምፅ ለእርሱም ምሽት ይሆናል። ጌሙ ቋንቋውን እዚያው ያስተምረዋል።

ቀጥሎ የማነሣው ብዙ ተጫዋቾች የሚያማርሩበትን ነገር ነው፤ ምንም የማይሆንባቸውን ረጃጅም ሰዓታት። ኪ የተባለው ድርጅት በሴፕቴምበር 2000 ያወጣውን «ኤር» ውሰዱ። ዩኪቶ የተባለ፣ ሳይነካ አሻንጉሊት የሚያንቀሳቅስ ተጓዥ፣ ኪሱ ባዶ ሆኖ ከአንዲት የባሕር ዳር ከተማ ይደርሳል። እናቱ የነገረችውን፣ በሰማይ ትኖራለች የተባለችውን ልጅ እየፈለገ ነው። እንዲህ ያለ ትልቅ ፍለጋ ይዞ የመጣ ሰው ግን ቀኑን የሚያሳልፈው አሻንጉሊቱን አይተው ዞር በሚሉ ልጆች ፊት ገንዘብ ለማግኘት ሲታገል፣ ሚሱዙ ከተባለችው ልጅ ጋር ስለ ጭማቂ ሲነጋገር፣ በሙቀቱ ተሸንፎ ጥላ ሲፈልግ ነው። ትዕግሥት የሌለው አንባቢ «ታሪኩ መቼ ይጀምራል?» ይላል። ታሪኩ ግን ጀምሯል፤ ያ ነው ታሪኩ። ሐዘኑ ሲመጣ የሚከብደው እነዚያ ፍሬ ቢስ የሚመስሉ ቀልዶች ስለነበሩ ነው። እዚያ የተነገረች አንዲት ተራ ቃል፣ አንድ የልጅ ሳቅ፣ ከብዙ ሰዓታት በኋላ ስትመለስ ሰውን ታስለቅሳለች። ጃፓኖች ለእንዲህ ዓይነቱ ሥራ «ናኪጌ»፣ የሚያስለቅስ ጌም፣ የሚል ስም አውጥተውለታል። ስሙ ዋናውን ነገር ይሸፍናል ብዬ አምናለሁ፤ ዕንባው የመጨረሻዎቹ ጥቂት ሰዓታት ሥራ ሲሆን፣ ዕንባውን የገዛው ግን ከእርሱ በፊት የጠፋው የመሰለን ጊዜ ነው።

«ኤር» ሦስት ክፍሎች አሉት፤ ስማቸውም «ድሪም»፣ «ሰመር»ና «ኤር» ነው። ሁለተኛው ክፍል ወደ ሺህ ዓመት ገደማ ወደ ኋላ ይመልሰንና የሌላ ዘመን በጋ ያሳየናል፤ ሦስተኛው ደግሞ በመጀመሪያው ክፍል ያሳለፍነውን ያንኑ በጋ ከሌላ ዓይን ያስነብበናል። ስለ ታሪኩ ከዚህ በላይ አልናገርም፤ ያላነበበው ሰው ራሱ ሊደርስበት ይገባልና። ነገር ግን አሠራሩን ልብ በሉ። አንድ ጊዜ ያለፈ ቀን ዳግመኛ ሲቀርብ፣ አንባቢው የሚሆነውን እያወቀ ምንም ማድረግ የማይችል ተመልካች ይሆናል። ይህም የትዝታ ትክክለኛ ቅርጽ ነው።

ያው ድርጅት ከ18 ዓመት በኋላ፣ በጁን 2018 «ሰመር ፖኬትስ»ን ሲያወጣ ወደ በጋው ተመለሰ፤ በዚህ ጊዜ ናፍቆቱን ራሱን የታሪኩ ሥራ አደረገው። ሃይሪ የተባለው ወጣት በመርከብ ወደ ቶሪሺሮጂማ ይሻገራል፤ በሴቶ የውስጥ ባሕር ላይ እንዳለች የተተረከች፣ በእውኑ ዓለም ግን የሌለች ደሴት ናት። የመጣበት ምክንያት ከዚህ ዓለም የተለዩት አያቱ ትተው ያለፉትን ዕቃ ለመደርደርና ለመለየት ነው። እዚህ ላይ አንድ ጥሩ የደራሲ ውሳኔ አያለሁ። የሞተ ሰው ዕቃ የሚለይ ሰው በየዕለቱ የሚያደርገው ነገር የትኛው ይቀመጥ፣ የትኛው ይጣል እያለ መወሰን ነው፤ ባለቤቱ ለምን እንዳስቀመጠው የማይታወቅ ነገር በእጁ ይገባል፤ ይጥለዋል ወይም ይዞት ይቀመጣል። ወጣቱ በከተማ ከገጠመው መከፋት ሸሽቶ መምጣቱ ቀስ እያለ ሲገለጥ፣ ዕቃ መለየቱ የአያቱ ጉዳይ ብቻ እንዳልነበር እንረዳለን። በመካከሉ ደግሞ የደሴቲቱ ልጆች ለጨዋታ ይጠሩታል፤ ሥራው ይዘገያል፤ ተጫዋቹም እንዲዘገይ ይመኛል፤ ዕቃው ተለይቶ ሲያልቅ ዕረፍቱም ያልቃልና።

እነዚሁ መሣሪያዎች ለፍርሃትም እንደሚያገለግሉ ለማሳየት አንድ ሥራ ብቻ ልጥቀስ። በኦገስት 2002 አማተሮች የራሳቸውን ሥራ በሚሸጡበት በቶኪዮው የኮሚኬት ገበያ መሸጥ የጀመረው «ሂጉራሺ ኖ ናኩ ኮሮ ኒ» በ1983 ጁን በአንዲት የተራራ መንደር ውስጥ የሚሆን የግድያ ታሪክ ነው፤ ስሙንም ያገኘው ከዚያው የምሽት ነፍሳት ነው። የክፍል ጓደኞች ጨዋታና ሳቅ ለሰዓታት ይቀጥላል፤ ከዚያ ድምፁ ያው ሆኖ ነገሩ ይከፋል። ያ ሰላማዊ ውሎ ባይቀድም ኖሮ ፍርሃቱ እንደ ተራ ግድያ ያልፍ ነበር። የሚጠፋ ነገር መኖሩን አንባቢው ማመን አለበት፤ ናፍቆትም ፍርሃትም የሚቆሙት በዚህ እምነት ላይ ነው።

ይህን ሁሉ ስል በእነዚህ ሥራዎች ላይ ቅሬታ የለኝም ማለቴ አይደለም። የሚያሳዩት ገጠር ብዙ ጊዜ ሥራ የሌለበት ገጠር ነው። የእውነተኞቹ ደሴቶችና መንደሮች ልጆች አንሰው ትምህርት ቤቶቻቸው ተዘግተዋል፤ ባለቤት አልባ ቤቶች በዝተዋል፤ ማሳውን የሚያርሱት አብዛኞቹ አዛውንቶች ናቸው። በጌሙ ውስጥ ግን አዛውንቱ ሐብሐብ ቆርጦ ለልጆች የሚሰጥ ደግ ሰው ሆኖ ያልፋል። ከዚህ የከፋው፣ በብዙዎቹ ሥራዎች ውስጥ ያሉት ልጃገረዶች ከከተማ የሚመጣ አንድ ወጣት ደርሶ ኀዘናቸውን እስኪፈታላቸው ድረስ የራሳቸው ሕይወት የቆመ መምሰሉ ነው። እነዚህን ሥራዎች ስለምወዳቸው ይህን ድካማቸውን አልሸፍንም። የተሻሉት ደራሲዎች ይህን ያውቃሉ፤ ልጃገረዷ ከእንግዳው በፊትም በኋላም የምትኖር ሰው መሆኗን የሚያሳይ አንድ ትዕይንት ይጽፋሉ። ያን ትዕይንት ያላገኘሁበትን ሥራ ብዙ ጊዜ ሳልጨርስ ትቻለሁ።

የመጨረሻው የምነግራችሁ ነገር ጥቃቅን የሚመስል የአሠራር ጉዳይ ነው፤ ለእኔ ግን ከሁሉም የበለጠ ነው። ቪዥዋል ኖቭል ብዙ መንገዶች ስላሉት ተጫዋቹ አንዱን ፍጻሜ ካየ በኋላ ወደ መጀመሪያው ቀን ተመልሶ ሌላውን መንገድ ይጀምራል። የመጀመሪያዎቹ ቀናት ለብዙዎቹ መንገዶች የጋራ ናቸው። ሁሉንም እንደገና እንዳያነብ አስቀድሞ ያነበበውን ጽሑፍ በፍጥነት የሚያሳልፍ ቁልፍ ተዘጋጅቶለታል። ቁልፉን ሲጫን መርከቡ ይደርሳል፣ መንገዱ ይታያል፣ ሰዎቹ ብቅ ብለው ይጠፋሉ፣ ቀትሩ ይመሻል፣ ሌሊቱ ይነጋል፤ በመጀመሪያው ጊዜ ስድስት ሰዓት የፈጀው ሳምንት በጥቂት ደቂቃ ያልፋል። የልጅነት በጋ ረጅም፣ የዐዋቂነት በጋ አጭር መሆኑን ማንም እንዲህ አድርጎ አላሳየኝም። ከዚያ ያልተነበበ ዓረፍተ ነገር ሲመጣ ሩጫው ድንገት ይቆማል፤ ሥዕሉ ይረጋል፣ የነፍሳቱ ድምፅ ከመካከሉ ይሰማል፣ አንድ አዲስ ቃል በሳጥኑ ውስጥ ይቆማል።

በእኔ ኮምፒውተር ውስጥ እስከ ዛሬ ከእነዚህ ጌሞች የአንዱን የመጀመሪያ ቀን ያስቀመጥሁበት አንድ መዝገብ አለ፤ ከጎኑ ትንሽ ሥዕልና ቀኑ ተጽፎበታል። ሁሉንም መንገዶች ከጨረስሁ ቆይቻለሁ፤ ያልተነበበ ዓረፍተ ነገር አልቀረልኝም። አንዳንድ ማታ ግን ያን መዝገብ ከፍቼ፣ የሚያፈጥነውን ቁልፍ ሳልነካ፣ እየተጫንሁ አንድ በአንድ አነባለሁ። በዚህ ጌም ውስጥ አስቀድሞ የተነበበ ጽሑፍ ቀለሙ ስለሚለወጥ፣ መርከቡ ወደ ወደቡ ሲጠጋ ያለው የመጀመሪያው መስመር ከሳጥኑ ውስጥ ፈዘዝ ብሎ ይታያል።